የሙታን ስንቅ

«እንጦሮጦስ ያውርድህ!» የሚለውን እርግማን ያልሰማ አማርኛ ተናጋሪ የሚገኝ አይመስለኝም። ተራጋሚው አድራሻውን አይጠየቅም፤ ከሲኦልም ሥር ያለ፣ መውጫ የሌለው ጉድጓድ መሆኑን ማወቁ ይበቃዋል። ተወልጄ ባደግሁባት በጮሌ፣ በገበያ ቀን ስፍር ያጎደለ ነጋዴ ይህን እርግማን ሳይሸከም ቤቱ የሚገባበት ጊዜ ጥቂት ነበር። ቃሉ ግን የአርሲም የሸዋም አይደለም። ከግሪክ ተነሥቶ፣ በግዕዝ መጻሕፍት ጀርባ ታዝሎ እኛ ዘንድ የደረሰ መንገደኛ ነው። በአገሩ «ታርታሮስ» ይባል ነበር። ከክርስቶስ ልደት 700 ዓመት ያህል ቀድሞ የኖረው ባለቅኔ ሄስዮድ ጥልቀቱን ሲለካው፣ ከምድር የተለቀቀ የቀጥቃጭ መደብደቢያ ብረት ዘጠኝ ቀንና ዘጠኝ ሌሊት ሲወርድ ሰንብቶ በዐሥረኛው ቀን እታች ይደርሳል ብሏል።

«ሲኦል»ም እንግዳ ነው፤ ዕብራይስጥ ነው። «ገሃነም» በኢየሩሳሌም ግርጌ ካለው ከሄኖም ሸለቆ ስም የተገኘ ነው። በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 16 ቤተ ክርስቲያንን አይችሏትም የተባሉት ደጆች በግሪኩ የሄድስ ደጆች ናቸው፤ ሄድስ ደግሞ የቦታ ስም ብቻ ሳይሆን የሙታንን አገር ይገዛ የነበረው አምላክ ስም ነው። እንግዲህ እኛ የሄድስን ደጅ ስንጠና አልኖርንም፤ የግቢውን ስም ግን በየዕለቱ እንጠራለን። ንጉሡ ተሽሮ ግቢው ቀርቷል ማለት ነው። ለመሆኑ በግቢው ውስጥ ያ ሁሉ ሥራ፣ በር መጠበቁ፣ መመዘኑ፣ ማሻገሩ፣ ማብላቱ በማን እጅ ገባ?

ይህን ጥያቄ ያመጡብኝ አክስቴ ናቸው፤ የአባቴ ታላቅ እኅት። እኛ ልጆች «እትዬ» እንላቸው ነበር። የዘር ሐረጋቸው ከቡልጋ ይመዘዛል፤ የተወለዱትም፣ የተዳሩትም፣ ባላቸውን የቀበሩትም ግን ጮሌ ነው። ጮሌ ከአሰላ በስተምሥራቅ፣ በቀድሞው የአርባ ጉጉ አውራጃ የምትገኝ ደገኛ አገር ናት። ገብስና ስንዴ ያበቅላል፤ ጉሙ ማለዳ ከሜዳው ሳይነሣ ሰዉ ለቅሶም ሰርግም ይሄዳል። እትዬ ልጅ አልወለዱም። በ1991 ዓ.ም. መግቢያ ላይ፣ አዲስ አበባ ላለሁት ለእኔና አሰላ ለሚያስተምረው ታናሽ ወንድሜ መልእክት ላኩብን፤ «በጥር የቁም ተዝካሬን አወጣለሁና ኑ» የሚል።

የቁም ተዝካር ላልገጠመው አንባቢ ነገሩ ወዲህ ነው። ተዝካር የሞተ ሰው የሚታሰብበት ድግስ ነው፤ ቃሉ ዘከረ፣ ማለትም አሰበ ከሚለው የግዕዝ ግሥ የወጣ ነው። ሣልስቱ፣ ሰባቱ፣ ዐሥራ ሁለቱ፣ ሠላሳው፣ አርባው፣ ሰማንያው፣ መንፈቁ፣ ሙት ዓመቱ፣ ሰባት ዓመቱ እየተባለ ይቆጠራል። ዋናው አርባው ነው። ይህን የሚያደርግለት ወገን እንደሌለው የሚሠጋ ሰው፣ ወይም ወገን እያለውም የማያምን ሰው፣ በቁሙ ደግሶ ካህናቱን፣ ጎረቤቱንና ድሀውን ያበላል።

ወንድሜ በነገሩ ተናደደ። የእትዬ ሁለቱም ዓይኖች በሞራ እየተጋረዱ ነበር። ያላቸው ሀብት አንድ ወይፈን፣ አንዲት ላምና ጥቂት ኩንታል እህል ነው። ወይፈኑ ተሸጦ አዲስ አበባ ይምጡና ሞራው ይገፈፍላቸው ሲል ጠየቀ። ሁለታችንም ጮሌ ወርደን ምድጃቸው አጠገብ ተቀመጥን።

«እትዬ፣ ለሞት ገና ነዎት። ዓይንዎ ይቅደም» አላቸው።

«ልጄ፣ ዓይኔ ቢበራ የማየው ይህንኑ ደጄን ነው። የዚያኛውን ቤት ደጅ ማን ይከፍትልኛል? የወለደ ልጁ ይዘክረዋል። እኔን ማን ይዘክረኛል?»

«እኛስ?»

«እናንተማ ከተሜ ናችሁ» አሉና ሳቁ። «ሞቼ ከምትበሉልኝ ቆሜ ላብላችሁ። ማን እንደ መጣ፣ ማን እንደ ቀረ ልይ።»

እኔ በዚያ ሰሞን የጥንት ሕዝቦችን አፈ ታሪክ እያነበብኩ ነበር። የእትዬ ጥያቄ ከመጽሐፉ ተነሥቶ ምድጃው ዳር የተቀመጠ መስሎ ታየኝ።

*

የጥንቶቹን የሙታን አማልክት ከእኛው ሰይጣን ጋር የሚያምታታ ብዙ ነው። ሄድስ ሰይጣን አይደለም። ሦስት ወንድማማቾች ዓለምን እንደ አባት ርስት በዕጣ ሲከፋፈሉ ለዜውስ ሰማይ፣ ለፖሲዶን ባሕር፣ ለሄድስ የጨለማው አገር ደረሰው። ሰው አያስትም፣ አያባብልም፤ የገባውን ሁሉ ይቀበላል፣ አንዱንም አይመልስም። ግሪኮች ስሙን ለመጥራት ስለሚፈሩ «ፕሉቶን»፣ ባለጸጋው፣ እያሉ ያቆላምጡት ነበር፤ እህሉም ማዕድኑም ከምድር ሆድ ይወጣልና። የሚገርመው፣ በ6ኛው መቶ ዓመት ኮስማስ የተባለው ነጋዴ አዱሊስ ላይ አይቶ የገለበጠው የአንድ አክሱማዊ ንጉሥ የግሪክኛ ጽሑፍ ዜውስን፣ አሬስንና ፖሲዶንን ይጠራል። ሦስተኛውን ወንድም አይጠራም። የአገራችን ንጉሥም ቢሆን የባለጸጋውን ስም በድንጋይ ላይ መቅረጽ አልፈለገም ይሆናል።

የግብፁ ኦሲሪስ ከሁሉ የተለየ ነው። እሱ ራሱ የሞተ ነው፤ ገዛ ወንድሙ ገድሎታል። በችሎቱ ፊት የሟቹ ልብ በሚዛን ይቀመጣል፤ በሌላው ወገን የእውነት ምልክት የሆነች አንዲት ላባ ትቀመጣለች። የቀበሮ ራስ ያለው አኑቢስ ሚዛኑን ይቆጣጠራል፣ ቶት ይጽፋል። ከጎን ደግሞ ግንባሯ የአዞ፣ ደረቷ የአንበሳ፣ ኋላዋ የጉማሬ የሆነች አውሬ አፏን ከፍታ ትጠብቃለች። ልቡ ከላባዋ የከበደ ሰው ሁለተኛ ሞቱን በእሷ ሆድ ውስጥ ይሞታል።

ለእትዬ ነገር የቀረቡት ግን በጤግሮስና በኤፍራጥስ መካከል የኖሩት ሱመሮች ናቸው። የእነሱ የሙታን አገር ንግሥት ኤሬሽኪጋል ትባላለች። አገሯ ጨለማ ነው፤ ነዋሪዎቹ አፈር ይበላሉ። ከ4000 ዓመት ገደማ በፊት በሸክላ ላይ የተጻፈ አንድ ታሪክ እንዲህ ይላል፤ የሰማይ ንግሥት የሆነችው ኢናና ወደ እኅቷ አገር ወረደች። በረኛው ምን እንዳመጣት ሲጠይቃት «የእኅቴ ባል ሞቶ ለቅሶ ልደርስ ነው» አለችው። በሰባቱ በሮች ዘውዷን፣ ዶቃዋን፣ ልብሷን አንድ በአንድ አስወለቋት፤ እርቃኗን ገብታ ተገደለች፣ ሬሳዋም ተሰቀለ። ያስወጣት ጦር አልነበረም። የጥበብ አምላክ የሆነው ኤንኪ ከጥፍሩ ሥር ካወጣው እድፍ ሁለት ትናንሽ ፍጥረታት ሠርቶ ላከ። ሲደርሱ ኤሬሽኪጋል በሕመም ታቃስት ነበር። «ወይ ሆዴ!» ስትል «ወይ ሆድሽ!» አሉ፤ «ወይ ጀርባዬ!» ስትል «ወይ ጀርባሽ!» አሉ። የሙታን ንግሥት እንዲህ አብሯት ያለቀሰ ሰው አልነበራትምና ልቧ ተነካ፤ የፈለጋችሁትን ጠይቁኝ አለች። እነሱም ወንዝ ስትሰጣቸው፣ እርሻ ስትሰጣቸው እንቢ ብለው ሬሳዋን ጠየቁ።

የጮሌ ሰው ይህን ቢሰማ አይደንቀውም። ከአስለቃሽ ጋር ሆድና ጀርባ እየጠሩ ማልቀስን ማንም አላስተማረውም።

ሌላው ታሪክ የጊልጋሜሽ ነው። ወዳጁ ኤንኪዱ ከሙታን አገር ሲመለስ ጊልጋሜሽ እንደ ዘመድ ጠያቂ ያፋጥጠዋል። አንድ ልጅ ያለውን አየኸው? ሁለት ያለውንስ? ሰባት ልጆች የወለደው ከአማልክት ጋር ተቀምጧል። ዘር የሌለው ግን እንደ ጡብ የደረቀ ዳቦ ያኝካል። ማንም የማይዘክረው ከድስት የተፋቀ ቅሪትና መንገድ ላይ የተጣለ ፍርፋሪ ይበላል። ያልወለደችዋ ሴትስ? እንደ ተበላሸ ሸክላ ወደ ውጭ ተወርውራለች ይላል ኤንኪዱ።

ሸክላ! እትዬ «እኔን ማን ይዘክረኛል?» ሲሉ ሰው ሁሉ የኋላ ቀርነት ነው ያለው ነገር፣ ሰው ጽሕፈት ከለመደ ወዲህ ሳይመለስ የኖረ ጥያቄ ነው። ሄድስም፣ ኦሲሪስም፣ ኤሬሽኪጋልም የሰው ፍርሃት የለበሳቸው ልብሶች ናቸው፤ ከልብሱ ሥር ያለው ፍርሃት አንድ ነው። መረሳት ነው።

*

እኛ ዘንድ ዙፋኑ የአንድ አምላክ ነው፤ የሙታን አገር የተለየ አምላክ የለውም። ሥራው ግን አልቀረም። ሚዛኑን እንውሰድ። በተአምረ ማርያም የሚነገረውን የበላኤ ሰብእን ታሪክ የማያውቅ ማን ነው? 78 ሰው የበላ ሰው፣ በእመቤታችን ስም ለለመነው ለምጻም ጥርኝ ውሃ ሰጠ። ሲሞት ነፍሳቱ በአንድ ወገን፣ ጥርኝ ውሃው በሌላው ተመዘኑ፤ ውሃው ላይ የእመቤታችን ጥላ ሲያርፍበት ደፋ። ግብፃዊው ላባ ከልብ እንዳይቀል ይፈራ ነበር፤ የእኛ ሰው ደግሞ ውሃው ከበደል ይከብድ ዘንድ ይለምናል። ሚዛኑ አንድ ነው፤ ተስፋው ተገልብጧል። ኦሲሪስ ፊት አማላጅ የለም፤ እዚህ ጥላም ይመዝናል።

ስንቁንም እንውሰድ። ግብፃውያን በሮቹንና ዘበኞቹን በስም እየጠራ የሚያልፍበትን «መጽሐፈ ሙታን» ከሟቹ ጋር ይቀብሩ ነበር። እኛ ልፋፈ ጽድቅ አለን። በብራና ተጽፎ ከሬሳ ጋር የሚቀበር፣ የተሰወሩ ስሞችን የያዘ፣ ነፍስ የእሳቱን ወንዝና የሲኦልን በሮች ታልፍ ዘንድ የሚያግዝ ነው። እንግሊዛዊው ዋሊስ በጅ በ1929 (እ.ኤ.አ.) ወደ እንግሊዝኛ ሲመልሰው የኢትዮጵያ መጽሐፈ ሙታን ብሎ የጠራው በከንቱ አይደለም። የሊቃውንቱ ፍርድ በዚህ መጽሐፍ ላይ አንድ አይደለም፤ ሕዝቡ ግን ትቶት አያውቅም።

ወደ ታች መውረዱም አለ። በ15ኛው መቶ ዓመት የኖረችው የቡልጋዋ ክርስቶስ ሠምራ ገድሏ እንደሚነግረን፣ እግዚአብሔርንና ሰይጣንን ልታስታርቅ ተነሣች። ቅዱስ ሚካኤልን ይዛ እስከ ሲኦል ደጅ ሄደች። ሰይጣን እጇን ይዞ ወደ ውስጥ ጎተታት፤ ሚካኤል በሰይፉ አስጣላትና ወጣች፤ ከእሷ ጋርም ብዙ ነፍሳት ወጡ። ኢናና ለሥልጣን ወርዳ በምትኳ ሌላ ሰው አስያዘች፤ ክርስቶስ ሠምራ ለዕርቅ ወርዳ ሌሎችን አስከትላ ተመለሰች። ሰይጣንን ላስታርቅ የምትል ሴት የምታስብ አገር ድፍረቷ ቀላል አይደለም። እትዬ ይህችን ጻድቅ «የአገሬ ልጅ» ይሏት ነበር።

ሆኖም ጮሌ የክርስቲያን ብቻ አገር አይደለችም። በደጋው የሚኖረው የአርሲ ኦሮሞ አብዛኛው እስላም ነው። ሙስሊሙ ጎረቤታችን ሬሳውን በዕለቱ ይቀብራል። ቀባሪው ተመልሶ የኮቴው ድምፅ ሲርቅ፣ ሙንከርና ነኪር የሚባሉ ሁለት መላእክት መጥተው ጌታህ ማን ነው፣ ሃይማኖትህ ምንድን ነው፣ ነቢይህ ማን ነው ብለው ይጠይቁታል። ከዚያ ወዲያ ሚዛኑ አለ፤ እነሱም ሚዛን ነው የሚሉት። እንደ ፀጉር የቀጠነው የሲራጥ ድልድይም አለ። የገሃነሙ ዘበኛ ስም ማሊክ ነው። ንጉሥ አይደለም፤ የታዘዘ መልአክ ነው።

ከዚህ ሁሉ ሥር ደግሞ የቀደመው የኦሮሞ እምነት ትዝታ አለ። የሞተ ሰው መንፈስ «ኤከራ» ይባላል፤ ከቤተ ሰቡ ፈጽሞ አይርቅም፣ መታሰብም ይፈልጋል። ቃሉ አኺራ ከሚለው የዓረብኛ ቃል ጋር ዘመድ ሳይሆን አይቀርም፤ ትርጉሙ ግን ከዚህኛው ዓለም እግሩን አላነሣም። በአርሲና በባሌ መንገዶች ዳር የሚታዩትን ትላልቅ መቃብሮች ያየ ይህን ይረዳል። ፈረሰኛው፣ ከብቱ፣ አንበሳው በቀለም ተሥሎ ቆሟል። መንገደኛው ሳይወድ በግድ የሟቹን ጀግንነት አይቶ ያልፋል። ያ መቃብር በሌላ ፊደል የተጻፈ ተዝካር ነው።

*

ድግሱ የተደገሰው በ1991 ዓ.ም. ጥር 22፣ የአስተርእዮ ማርያም ማግስት፣ ቅዳሜ ቀን ነበር። ወይፈኑ ታረደ። ለሙስሊሞቹ እንግዶች ደግሞ ሁለት በግ በእነሱው ሰው፣ በእነሱው ቢላ ታርዶ፣ በሌላ ድስት ተሠራ። ይህ በጮሌ ደንብ ነው፤ ማንም እንደ ቁም ነገር አያወራውም። ዳሱ የተሠራበትን እንጨት ያመጡት ከማዶ ያሉት ሽማግሌ ጎረቤት ናቸው። ሐጅ ያደረጉ ስለሆኑ ሰው ሁሉ «ሐጂ» ይላቸዋል። በሉና ጨርሰው ወደ እትዬ ተጠጉ።

«ምነው፣ ሳትሞቺ ሰደቃሽን በላን። አኺራ ላይ ምን በልታችሁ ነው ቢሉኝ ምን ልበል?»

«በጓን በልቻለሁ፣ ሥጋው ግን ጥቂት ጠንክሮ ነበር ይበሉ» አሉ እትዬ።

የቤቱ ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔ ግን በሱመሩ ሸክላ ላይ የተጻፈውን ኤንኪዱን አሰብኩት። ምስክር አገኘች። የማንኛውም እምነት መዝገብ ቢከፈት ስሟን የሚጠራ ሰው አለ።

የወንድሜ ቁጣ ግን መሠረት አልነበረውም ብዬ ልጽፍ አልችልም። ለአባቱ ተዝካር በሬውን አርዶ በመጪው ክረምት የሚጠምደው ያጣ፣ ተበድሮ ደግሶ መሬቱን ለአበዳሪ ያስያዘ ገበሬ ስንቱ ነው! የሙታን አምላክ ከነገሠባቸው አገሮች ሁሉ የከፋው፣ ሕያዋኑ ተርበው ሙታኑ የሚጠግቡበት ነው። ግብፅ ለአንድ ንጉሥ መቃብር የስንቱን ወገብ እንደ ሰበረች ድንጋዩ ቆሞ ይመሰክራል። ልዩነቱ አንድ ነገር ላይ ነው ባይ ነኝ። በፈርዖን መቃብር የገባው እህል ተቆልፎበት ቀረ። የእትዬ ወይፈን ግን የካህኑንም፣ የለማኙንም፣ የሐጂንም፣ ከሁሉ በላይ በዚያ ሰሞን እህል ያለቀባቸውን የሁለት መበለቶች ልጆች ሆድ ገባ። ለሙታን የተሰናዳውን ሕያዋን ከበሉት፣ ድግሱ ለድሀ እስከሆነና ባለቤቱን ለማኝ እስካላደረገው ድረስ፣ ከኤሬሽኪጋል አፈር የሚሻል መልስ ሰው እስከ ዛሬ ያገኘ አይመስለኝም። ልኩን ያለፈ እንደ ሆነ ግን ወንድሜ ልክ ነው፤ ዓይን ይቀድማል።

ዓይኑም አልቀረም። በተከታዩ ዓመት እኔና ወንድሜ አዋጥተን አንደኛውን ዓይናቸውን አዲስ አበባ ላይ አስገፈፍንላቸው። ፋሻው የተነሣ ቀን መጀመሪያ ያዩት የወንድሜን ፊት ነበርና «ሸበትክ እኮ!» አሉት።

እትዬ ያረፉት በ1998 ዓ.ም. ሐምሌ 5 ቀን፣ ደጋው በጭቃና በጉም በተዋጠበት ሰሞን ነው። ቀብሩ ላይ መድረስ የቻልነው በቅሎ ተከራይተን ነው። ተዝካራቸውን በቁማቸው አውጥተዋልና አርባቸው ዕለት ፍትሐቱ ብቻ ይበቃል ተባለ። ድግስ አልተደገሰም። ቀኑ ነሐሴ 14፣ ጾመ ፍልሰታ ነበር።

ከቤተ ክርስቲያን ተመልሰን ባዶ ቤታቸው ገባን። ወንድሜ እሳት ሊያነድድ ሲጎነበስ ደጁ ላይ ድምፅ ተሰማ። ሴቶቹ ነበሩ፤ ንፍሮ በሰፌድ፣ ሽሮ በድስት፣ ቆሎ በቅል ይዘዋል። አንዳቸውም አልተጠሩም። ከኋላቸው ሐጂ በዘንግ እየተደገፉ መጡ። እርጅና ተጫጭኗቸዋል። ከካባቸው ሥር የተቆላ ባቄላ በጨርቅ ቋጥረዋል።

«ሐጂ፣ ዛሬ እኮ ድግስ የለም። እሳቸው ቀድመው ጨርሰዋል» አላቸው ወንድሜ።

«እሷማ የእሷን አበላች» አሉ፣ ቋጠሮውን እየፈቱ። «ይሄ የእኛ ነው።»